ከሣእን እስከ ታኮ፦ ስለ ጫማ ስሞች አመጣጥና ስለ መዝገበ ቃላት አሠራር የቀረበ ሒስ

የአንድን ሕዝብ የእጅ ሥራ ታሪክ ከቃላት መጀመር የቆየ ልማድ ነው። የነገሩ ስም ከባዕድ የመጣ እንደ ሆነ ነገሩም ከባዕድ መጣ ይባላል፤ ስሙ ከግዕዝ የወረደ እንደ ሆነ ግን ነገሩ የአገር ጥንታዊ ሀብት ነው ተብሎ ይመዘገባል። ይህ ፍርድ ቀላልና ፈጣን በመሆኑ ብዙ ተከታይ አግኝቷል። ስለ ጫማ የሚነገረውም ከዚሁ የተለየ አይደለም። በመቀሌ ከተማ በእጅ የሚሰፋውን ማሰሪያ የሌለው የቆዳ ጫማ የተመለከተ ሰው፣ ሰፊው ከፍ ያለውን ተረከዝ «ታኮ»፣ ማጣበቂያውን «ማስቲሽ»፣ ጫማው የሚወጠርበትን ቅርጽ «ፎርማ» ሲል ሰምቶ፣ ይህ ጥበብ ከጣልያኖች ጋራ የገባ ነው ብሎ ይደመድማል። በዚያው ደጃፍ ገዢው ጫማውን በትግርኛ «ሳእኒ» ብሎ ሲጠራው የሰማ ሌላ ተመልካች ደግሞ፣ ጥበቡ ከአክሱም ዘመን ጀምሮ አልተቋረጠም ይላል። ሁለቱም የሰሙት እውነት ነው፤ የደመደሙት ግን ከሰሙት አይወጣም።

«ሣእን» የተባለው የግዕዝ ቃል ዕድሜው ረዥም መሆኑ አያከራክርም። በብዙ ቍጥር «አሣእን» ተብሎ በግዕዝ መጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ ይገኛል፤ ሙሴ በተቀደሰው ምድር ላይ እንዲያወልቅ የታዘዘውም፣ መጥምቁ ዮሐንስ ጠፍሩን ለመፍታት እንደማይበቃ የተናገረለትም በዚሁ ስም የተጠራው ነው። ከስሙም «ጫማ አደረገ» የሚል ግሥ ወጥቶለታል። ዘመዶቹም የታወቁ ናቸው። የአካድኛው «ሼኑ»፣ የአራማይስጡ «ምሳና» ከአንድ ግንድ የበቀሉ ናቸው። በዕብራይስጥ ግን ነገሩ ይወሳሰባል። የዕብራይስጥ የተለመደ የጫማ ስም «ናዓል» ሲሆን ከዐረብኛው «ናዕል» ጋራ አንድ ነው፤ «ስኦን» የሚለው ቃል የሚገኘው በትንቢተ ኢሳይያስ ምዕራፍ 9 አንድ ጊዜ ብቻ፣ ያውም ስለ ጦረኛ ጫማ ሲነገር ነው። ብዙ ሊቃውንት ዕብራይስጥ ይህን ቃል ከጎረቤቶቹ ተዋሰው ብለው ያስባሉ፤ የተጻፈበት ፊደልም ወደዚያ ያመለክታል። እንግዲህ በሴማውያን ቋንቋዎች መካከል እንኳ የጫማ ስም ከአንዱ ወደ ሌላው መሄዱ የቆየ ነገር ነው። በግዕዝም በኩል ቢሆን፣ በብራና መጻሕፍት «ሠ» እና «ሰ» እየተቀላቀሉ ስለሚጻፉ፣ የአንድ ጸሓፊ ፊደል ብቻውን የቃሉን ጥንታዊ ድምፅ አያስረዳም።

ዲልማን እ.ኤ.አ. በ1865 ባሳተመው የግዕዝና የላቲን መዝገበ ቃላት፣ ቮልፍ ሌስላውም እ.ኤ.አ. በ1987 ባሳተመው የግዕዝ ንጽጽራዊ መዝገበ ቃላት እንዲህ ያለውን ግንድ የመፈለግ ሥራ በሚያስመሰግን ጥንቃቄ ፈጽመዋል። የግዕዝን ቃል ከሩቅ ዘመዶቹ ጋራ ለማስተያየት የሚፈልግ ሰው ከሌስላው የተሻለ መሪ አያገኝም። ጉድለቱ ከመጽሐፉ ይልቅ በአንባቢው ዘንድ ነው። «አሣእን» በመጽሐፍ ቅዱስ መገኘቱ የሚያስረዳው፣ ከ4ኛው እስከ 6ኛው መቶ ዓመት ባለው ጊዜ መጻሕፍትን ከጽርእ የመለሱት ሰዎች ለጽርኡ «ኢፖዴማ» የሚስማማ ቃል በእጃቸው እንደ ነበራቸው ነው። ጫማውን ማን እንዳደረገው፣ ከምን እንደ ተሠራ፣ ማን እንደ ሰፋው ቃሉ አይናገርም። የትርጕም ቃል የተርጓሚውን ዕውቀት ይመሰክራል እንጂ የገበያውን ሸቀጥ አይቈጥርም።

በአንጻሩ ደግሞ፣ ሕዝቡ በባዶ እግሩ ይሄድ ነበር የሚለው የመንገደኞች ወሬ ጫማ አልነበረም ለማለት አይበቃም። እ.ኤ.አ. ከ1520 እስከ 1526 በአገራችን የቈየው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ፣ እ.ኤ.አ. በ1540 በታተመው መጽሐፉ፣ ወደ ቤተ ክርስቲያን በባዶ እግር ካልሆነ በቀር እንደማይገባ ጽፏል። ይህ ሥርዓት እስከ ዛሬ አለ። ጫማን በደጅ ማውለቅ ትርጕም የሚኖረው ጫማ በሚታወቅበት አገር ነው፤ ባዶ እግር መሆን አንዳንድ ጊዜ የድኽነት፣ አንዳንድ ጊዜ የአክብሮት ምልክት ነውና፣ ሁለቱን ሳይለዩ መቍጠር ያሳስታል።

ትግርኛ «ሳእኒ» የሚለውን ቃል ከነጕሮሮ ድምፁ ጠብቆ መያዙ፣ ዐማርኛ ግን በዕለታዊ ንግግሩ መተዉ የታወቀ ነው። ይህን ልዩነት ለክብር ውድድር የሚያውሉት አሉ። በእርግጥ «መርፌ» የሚለው የዐማርኛ ቃል የግዕዙን «መርፍእ» ኅልቀት ሲጥል ትግርኛ «መርፍእ» እያለ ጠብቆታል፤ እንደዚህ ያለ ምሳሌ ብዙ ነው። ይሁን እንጂ ድምፅን መጠበቅ ዕቃን መጠበቅ አይደለም። በመቀሌ ገበያ «ሳእኒ» የሚባለው ከውጭ አገር በመርከብ የመጣ የላስቲክ ጫማም ነው። በዚያው ከተማ «ጫማ» የሚለውም ቃል ያለ አንዳች ችግር ይሰማል። ተናጋሪው ከሁለቱ አንዱን ሲመርጥ ስለ ዕቃው ጥንታዊነት የሚሰጠው ምስክርነት የለም።

የዐማርኛው «ጫማ» ታሪክ ከዚህ የበለጠ ያስተምራል። ቃሉ ሁለት ነገር ይጠራል፤ አንደኛው ምድርን የሚረግጠው የአካል ክፍል፣ ሁለተኛው እግር የሚለብሰው ዕቃ ነው። ከሁለቱ የቀደመው የትኛው እንደ ሆነ አጠቃቀሙ ራሱ ይመሰክራል። ዛሬ አንድ ዐማርኛ ተናጋሪ አካሉን ለመጥራት «የእግር ጫማ» ወይም «ውስጥ እግር» ይላል፤ «ጫማ» ብቻ ካለ የሚሰማው የሚገዛውና የሚሰፋው ነው። አንድ ቃል በአዲስ ትርጕሙ ሲሠለጥን የጥንቱ ትርጕም እንዲህ ድጋፍ እየተጨመረለት ይኖራል። ትርጕሙ የተገላቢጦሽ ከዕቃው ወደ አካሉ ሄደ የሚል ካለ፣ «ጫማ ሳመ» የሚለውን አነጋገር ያስብ። ለጌታው ወይም ለአባቱ የተደፋ ሰው የሚስመው ሁልጊዜ የተሰፋ ቆዳ አልነበረም። ጫማ የርዝመት መለኪያ መሆኑም ከዚሁ ጋራ ይሄዳል። በላቲንም «ሶሌያ» የሚለው የጫማ ስም ከእግር ሥርና ከመሬት ስም የወጣ ነው፤ ስለዚህ የዐማርኛ መንገድ እንግዳ አይደለም። ትግርኛ በበኩሉ አካሉን «ከብዲ እግሪ» ብሎ ስለ ለየው ሁለቱ አልተቀላቀሉበትም።

ለእያንዳንዱ የዐማርኛ ቃል የግዕዝ ሥር መፈለግ የአገራችን ሊቃውንት ጽኑ ልማድ ነው። «ጫማ» ግን ከግዕዙ የጫማ ስም ጋራ አይገናኝም። በወላይትኛና በሲዳምኛ ተመሳሳዩ ቃል ለዚሁ ዕቃ ይሠራልና፣ ወደ ሰሜን ብቻ የሚመለከት መርማሪ ግማሹን መንገድ ሳያየው ያልፋል።

ድምፅን ብቻ የሚከተል ሰው ስለሚወድቅበት ጕድጓድ ሁለት ምሳሌ ይበቃል። «ሰንደል» በዐማርኛ የሚጤስ መዓዛ ነው፤ እንዲሁም ክፍት ጫማ ነው። የመጀመሪያው ከሕንድ ተነሥቶ በዐረብኛ በኩል የመጣው የእንጨት ስም ሲሆን ሁለተኛው ከጽርኡ «ሳንዳሊዮን» በአውሮፓ ቋንቋዎች በኩል የደረሰ ነው፤ በፊደል ከመገናኘታቸው በቀር ዝምድና የላቸውም። «ጠፈር» እና «ጠፍር»ም እንዲሁ ናቸው። ጠፈር የሰማይ ስም ነው፤ ጠፍር ግን አልጋና ቀንበር የሚጠፈርበት፣ ጫማም የሚታሰርበት የቆዳ ገመድ ነው። ይህኛው መጐንጐንን ከሚያመለክተው ከግዕዙ «ፀፈረ» ጋራ የሚዛመድ ይመስላል፤ የጥንቱ «ፀ» እና «ጸ» በዐማርኛ ወደ «ጠ» መለወጣቸው በ«ጠጉር»ም የታየ ነው፤ ዐረብኛም ለመጐንጐን «ደፈረ» የሚል ተመሳሳይ ግሥ አለው። ግዕዝ ራሱ የጫማን ማሰሪያ «ቶታን» ይለዋል፤ እርሱም ዛሬ በመጻሕፍት ቀርቷል። ትርጕም መጥበቡም ሌላ እንቅፋት ነው። በትግርኛ «ቆርበት» ማለት በጠቅላላው ቆዳ ነው፤ በዐማርኛ «ቁርበት» ማለት ግን መኝታ የሚሆነው ያልለፋ ቆዳ ነው። ሁለቱን አንድ አድርጎ የሚጽፍ መዝገበ ቃላት ፊደሉን አግኝቶ ዕቃውን ያጣል።

ወደ ጣልያንኛው ቃላት ስንመለስ፣ ብዛታቸውን ሳይሆን የሚጠሩትን ነገር መመርመር ያስፈልጋል። «ታኮ» ከጣልያንኛው «ታኮ»፣ «ማስቲሽ» ከ«ማስቲቼ»፣ «ፎርማ» ከ«ፎርማ»፣ «ጎማ» ከ«ጎማ»፣ «ካልሲ» ከ«ካልጼ»፣ «ሊስትሮ» ከ«ሉስትሮ» እንደ መጡ ግልጽ ነው። በመቀሌ የጣልያን አገዛዝ የቈየው ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. ነው፤ ኤርትራ ግን እ.ኤ.አ. ከ1890 ጀምሮ ቅኝ ግዛት ስለ ነበረች፣ ለሥራ ወደ አሥመራ ወጥተው የሚመለሱ ሰዎች ቃላቱን ከወራሪው ጦር አስቀድመውና በበለጠ ብዛት ያመጡ ይመስላል። የተጠሩት ነገሮች ምንድን ናቸው? ከፍ ብሎ የተሠራ ተረከዝ፣ በጣሳ የሚሸጥ ማጣበቂያ፣ ለቀኝና ለግራ ተለይቶ የተቀረጸ ቅርጽ፣ የመኪና ላስቲክ፣ ሹራብ የእግር ልብስ፣ በመንገድ ዳር ተቀምጦ ጫማ የሚጠርግ ልጅ። እነዚህ ሁሉ ከከተማ ኑሮና ከፋብሪካ ጋራ የመጡ ናቸው። በተለይ «ታኮ» ልብ ሊባል ይገባዋል። ዐማርኛ የአካሉን «ጫማ» ለዕቃው ሲያውሰው፣ የአካሉን «ተረከዝ» ግን ለዕቃው ክፍል በሙሉ አልሰጠም፤ የባዕዱን ስም ጨመረ። ምክንያቱ ሩቅ አይደለም። የቀድሞው ጫማ ግርጌው ልሙጥ ነበርና ለብቻው ሊጠራ የሚገባ ተረከዝ አልነበረውም። እንግዲህ የተዋሰው ቃል ስለ አንድ ክፍል አዲስነት ይናገራል፤ ስለ ጥበቡ ሁሉ ግን አይደለም።

የቃል መዋስ የጥበብ መዋስ ነው የሚሉ ሰዎች ስለ «ብራና» ምን ሊሉ ነው? ብራና የሚለው ስም ከጽርኡ «ሜምብራና» የመጣ የተውሶ ቃል ነው። ነገር ግን የፍየሉን ቆዳ መወጠር፣ መፋቅ፣ ማለስለስ፣ መደጐስና ማኅደር መስፋት የኢትዮጵያ ሊቃውንት የራሳቸው ጥበብ አይደለም የሚል ማንም የለም። ለደብተራው የተፈቀደው ለጫማ ሰፊው የሚከለከልበት ምክንያት አይታወቅም።

የስፌቱ ወገን ቃላት ሲመረመሩ ሌላ መልክ ይታያል። «ሰፋ» የግዕዝ «ሰፈየ» ነው፤ «ሰፊ»ም ከእርሱ ይወጣል። ቆዳ የሚበሳበት «ወስፌ» ከግዕዙ «መስፌ» ጋራ ይዛመዳል፤ መርፌም ከላይ እንደ ተባለው «ረፍአ» ከሚለው ግሥ ነው። ጠፍር፣ ሌጦ፣ ስልቻ፣ ኮርቻ፣ ማኅደር፣ ቆዳን በግራር ቅርፊትና በእንቧይ ማልፋት፣ ይህ ሁሉ ከጣልያን ቃል ነጻ ነው። በአጭሩ በአንድ ጫማ ሰፊ አፍ ሁለት ንብርብር አለ፤ የሚበሳውና የሚሰፋው የአገር ስም ይዞ ቀርቷል፣ የሚጣበቀውና የሚወጠረው የባዕድ ስም ይዞ መጥቷል።

ማሰሪያ የሌለው ጫማ የእነዚህ ሁለት ንብርብሮች መገናኛ በመሆኑ ለጥናት እጅግ ይመቻል። አሠራሩ በመጀመሪያ መልኩ ከሌላው ጫማ ይለያል። ቆዳው ከእግር በታች ተነጥፎ፣ በጎንና በፊት ወደ ላይ ይታጠፋል፤ ከዚያም ከላይ ከሚከደነው ቁራጭ ጋራ ዙሪያውን በእጅ ይሰፋል። ጠርዙ ጨምደድ እያለ የሚታየው ትልቁን ዙሪያ ከትንሹ ጋራ ማስማማት ስለሚያስፈልግ ነው። የሰፊው ችሎታ የሚለካው በዚህ ጭምድድ እኩልነት ነው፤ በብዙ የፋብሪካ ጫማ ላይ ግን ስፌቱ ለመልክ ብቻ የተለጠፈ ነው። የዚህ ጫማ የባዕድ ስሞችም ስለ ምንጭ የሚያስተምሩት አለ። «ሞካሲን» ከሰሜን አሜሪካ ነባር ሕዝቦች ከአልጎንኩዊን ቋንቋዎች የተወሰደ ነው። እ.ኤ.አ. በ1936 የአሜሪካው ባስ ኩባንያ ይህን ዓይነት ጫማ «ዊጀን» ብሎ ለገበያ አወጣ፤ ስሙ «ኖርዊጂያን» ከሚለው ተቈርጦ የቀረ ነው፣ መነሻውም በኖርዌይ በአውርላንድ የሚሠራ ጫማ ነበር። «ሎፈር» የሚለው የእንግሊዝኛ ስም ደግሞ ሥራ ፈት ማለት ነው። አንድ ጫማ የነባር ሕዝብ፣ የሩቅ አገርና የቦዘኔ ስም ይዞ ሲዞር፣ ከስሙ ተነሥቶ የሠሪውን አገር የሚፈርድ ሰው የቱን ሊመርጥ ነው? በአገራችን «ኮንጎ» ተብሎ የሚጠራው የላስቲክ ጫማም የአገር ስም ይዟል፤ ከዚህ ተነሥቶ የኮንጎን ጫማ ሰፊዎች ታሪክ የሚጽፍ ግን የለም።

የዚህ ሁሉ ስሕተት አንዱ ምንጭ የመዝገበ ቃላቱ አሰባሰብ ነው። ኢሰንበርግ እ.ኤ.አ. በ1841 የዐማርኛ መዝገበ ቃላቱን ሲያሳትም በዐድዋ የተቀመጠ ሚስዮናዊ ነበርና ትኩረቱ በወንጌል ትርጕም ላይ ነበር። ፍራንቼስኮ ዳ ባሳኖ እ.ኤ.አ. በ1918 የትግርኛውን አወጣ። የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ ታላቅ መጽሐፍ፣ ደራሲው ካረፉ በኋላ በደቀ መዝሙራቸው በአለቃ ደስታ ተክለ ወልድ ትጋት በ1948 ዓ.ም. ታትሟል፤ ግዕዝን ከዕብራይስጥና ከዐረብኛ ጋራ ያስተያየ፣ በአበገደ ተራ የተደረደረ፣ እስካሁንም ያልተተካ ሥራ ነው። አለቃ ደስታም የዐማርኛውን በ1962 ዓ.ም. አስከተሉ። ቶማስ ኬን እ.ኤ.አ. በ1990 የዐማርኛውን፣ እ.ኤ.አ. በ2000 የትግርኛውን በሰፊው አቅርቧል። እነዚህ ሰዎች የሠሩት ማንም ሊያቃልለው የማይችል ነው። ነገር ግን ጆሯቸው በይበልጥ ወደ ብራናው፣ ወደ ታተመው ገጽና ወደ ጉባኤ ቤቱ ያዘነበለ ነው። ስለ ቅኔና ስለ ዜማ የሚፈልግ አንባቢ በደስታ ይመለሳል፤ የጭምድዱን ስፌት ስም የሚፈልግ ግን በመጽሐፍ ሊያገኘው ተስፋ ማድረግ የለበትም።

የዚህ ዝምታ ምክንያት የቋንቋ ብቻ አይደለም። «ፋቂ» የሚለው ቃል በሥሩ ከግዕዙ «ፈሐቀ» የወጣ፣ ቆዳ የሚፍቅ ማለት ብቻ ነው፤ በውስጡ ነውር የለበትም። ነውሩን የጨመረበት ሠሪውን ከጋብቻና ከማዕድ የለየው ማኅበር ነው። ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባወጡት ዐዋጅ ባለ እጆችን በሥራቸው መስደብን መከልከላቸው፣ ስድቡ ምን ያህል ሥር ሰድዶ እንደ ነበር ያሳያል። የሚያስደንቀው፣ በየዓመቱ በስንክሳር የሚነበበው ታሪክ ተቃራኒውን መናገሩ ነው። ወንጌላዊው ማርቆስ እስክንድርያ ሲገባ ጫማው ተበጠሰ፤ ሲሰፋለት ወስፌው እጁን የወጋው አንያኖስ ከማርቆስ ቀጥሎ በመንበሩ ተቀመጠ። የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ለብዙ መቶ ዓመታት ጳጳሳቷን የተቀበለችው አንድ ጫማ ሰፊ ሁለተኛ ሆኖ ከተቀመጠበት ከዚያ መንበር ነው። ይህን የሚያነብ ካህን በዚያው ቀን የመንደሩን ቆዳ ሠሪ ቡዳ ብሎ ይሸሸው ነበር። ከሚሸሹት ሰው ቃል መልቀም አይቻልም፤ መዝገበ ቃላቱም ባዶ የቀረው ከዚህ የተነሣ ነው።

ጊዜው ለመዘግየት የሚፈቅድ አይደለም። ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. በትግራይ በተደረገው ጦርነት ከመቀሌ በስተ ሰሜን በውቅሮ የሚገኘው የሼባ ቆዳ ፋብሪካ ከባድ ጕዳት ደርሶበታል። ፋብሪካ በገንዘብ ሊጠገን ይችላል። በሥራው ያረጀ ሰው ይዞት የሚሄደው ቃል ግን በየትም አልተጻፈም፤ ወጣቱም ሰፊ ማስቲሹን በጣሳ እየገዛ ሥራውን ሲያፋጥን በወስፌ የሚሠራው እየቀነሰ፣ የስፌቱ ስሞች አብረው እየቀሩ ናቸው። ጣልያንኛው ንብርብር ራሱ በእንግሊዝኛ እየተሸፈነ መሆኑም መታወቅ አለበት፤ «ሶል»፣ «ቡትስ» እና «ስኒከር» የዚህ ምልክት ናቸው።

ለመመረቂያ ጽሑፋቸው ርእስ የሚፈልጉ ተማሪዎች ከጫማ ስሞች ይልቅ ከስፌት ስሞች ቢጀምሩ የበለጠ ያተርፋሉ። በመቀሌ፣ በዐድዋና በጎንደር የኮርቻ፣ የማኅደርና የጫማ ሰፊዎች አንድን ስፌት ምን ብለው እንደሚጠሩት በየፊናው ተጽፎ ቢተያይ፣ የጫማ ሰፊው ጥበብ ከኮርቻ ሰፊው መጣ ወይስ ከአሥመራ ሱቅ የሚለው ጥያቄ በግምት ሳይሆን በማስረጃ ይመለሳል። ለእያንዳንዱ ቃል የተናጋሪው ዕድሜ፣ ሥራውን ከአባቱ ወይም ከሌላ ሰው መማሩ፣ ቃሉን ለደንበኛ ፊት ወይም ለባልንጀራው ብቻ የሚናገረው መሆኑ አብሮ ይመዝገብ፤ ቁራጭ ቆዳ ላይ የተሰፋ ናሙናም ከወረቀቱ ጋራ ይቀመጥ።